አንቴና ያቀፈው ፕሮዲውሰር

ኩሳካ ቶኩጂ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ፊልም ሲያሠራ ኖሮ፣ ኪዮቶ ውስጥ ስሙን አጥርተው የሚያውቁት ሾፌሮችና ምሳ አመላላሾች ብቻ ነበሩ። ፕሮዲውሰር ሲባል ሲጋራውን ሰክቶ ተዋናይት የሚያጅብ ሰው የሚመስለው ካለ፣ ኩሳካን አላየውም። የኩሳካ ሥራ ደጅ ጥናት ነበር። ቀረጻ ሲኖር በመንገዱ ላይ ያለውን ቤት ሁሉ እያንኳኳ፣ የቀይ ባቄላ ጣፋጭ በሣጥን እያስረከበ፣ ጎንበስ ብሎ «እናስቸግራችኋለን» ይላል። አንድም በር ዘሎ አያውቅም። የሚኮራበት ነገር ቢኖር እሱ ብቻ ነው።

አንድ የጥቅምት ቀን ግን ዘለለ። የሚቀረጸው የጥንት ጦረኞች፣ የሳሙራዮች ፊልም ነበር፤ ካሜራው ሲተከል ከተዋናዮቹ ጀርባ፣ አንድ ጣሪያ ላይ፣ የቴሌቪዥን አንቴና ተገትሮ ታየ። ቤቱ በሩን ወደ ጓሮ መንገድ ያዞረ ስለሆነ ጣፋጩ አልደረሰውም። ኩባንያው ደግሞ ፊልሙ ዛሬ ካላለቀ እንደሚቋረጥ ቁርጡን ተናግሯል። ፀሐይዋ ለመጥለቅ ሁለት ሰዓት ቀርቷታል።

የቤቱ ባለቤት እማማ ኡሜ የሚባሉ ባልቴት ናቸው። ኩሳካ ደጃፋቸው ላይ ተንበርክኮ ግንባሩን ወለል አስነካ።

«ለሰፈሩ ሁሉ ደርሰህ እኔ ጋ ስትደርስ ሣጥኑ አለቀ?»

«አላለቀም እማማ። በር በር ስል ጣሪያ ማየት ረሳሁ፤ ጥፋቱ የእኔ ነው።»

እማማ ኡሜ የሆዳቸውን አወጡት። አንቴናውን ያቆሙት ባለቤታቸው ነበሩ። ባቆሙት በሳምንቱ ሞቱ። ሽቦው ሟቹ በእጃቸው እንደቋጠሩት አለ፤ ማንም ነክቶት አያውቅም። ኩሳካ ይቅር ብሎ ሊነሳ ነበር፤ ግን ውጭ አርባ የቀረጻ ሠራተኛ እሱን ይጠብቃል።

«ቋጠሮውን ሳልፈታ ባጋድመውስ?»

«ማን ይይዘዋል?»

«እኔ።»

በስልሳ አንድ ዓመቱ፣ በካልሲው፣ መሰላል ወጣ። አንቴናውን ከነሽቦው ቀስ አድርጎ አጋደመና ካሜራው በማያየው በኩል አቅፎት ተኛ። በመጀመሪያው ቀረጻ ፈረሱ አልታዘዘም። በሁለተኛው ጎራዴው ከሰገባው አልወጣ አለ። ክንዱ ሲዝል እማማ ኡሜ ከመሰላሉ ሥር ሆነው በሹክሹክታ «እንዳትለቀው» ይሉታል። በሦስተኛው ተሳካ። አንቴናውን መልሶ ሲያቆመው ቤት ውስጥ የቴሌቪዥኑ ምስል እንደ ድሮው ጥርት ብሎ መጣ።

ፊልሙ ክረምት ላይ ታየ፤ ሲኒማ ቤቱ ግማሹ ባዶ ነበር። የኩሳካ ስም መጀመሪያ ላይ፣ ሰው ወንበር ሲፈልግ፣ ብልጭ ብሎ አለፈ። ጣሪያው ብቅ ሲል እማማ ኡሜ ጎረቤታቸውን በክርናቸው ጎሸም አደረጉ።

«አቶ ኩሳካ እዚያ አሉ።»

«የት? ለእኔ አይታየኝም።»

«አይታዩም። የባለቤቴን ቋጠሮ አቅፈው ተኝተዋል።»

ኩሳካ ሁለት ረድፍ ከኋላቸው ተቀምጦ ነበር። ባርኔጣውን አወለቀና በጨለማው ውስጥ ወደ ጀርባቸው ጎንበስ አለ።