የጥንቸሏ ጥርስ

ከዳንግላ ወደ ቆሰበር በሚሄደው ሚኒባስ፣ ከነጋዴዋ ከዋሂዳ አጠገብ የተቀመጡት ሽማግሌ ጋቢያቸውን አልደረቡትም፤ ጭናቸው ላይ ባለው ካርቶን ዙሪያ ጠቅልለውታል። ኮታቸው እስከ አንገታቸው ተቆልፏል፤ አንዱ ቁልፍ በቀይ ክር ተሰፍቷል፣ የሰፋው የወንድ እጅ መሆኑ ያስታውቃል። ካርቶኑ ውስጥ ነጭ ጥንቸል ተኮራምታለች።

«አባባ፣ የማይበላ ነገር ተሸክመው የት ይሄዳሉ?» አለ ከኋላ የተቀመጠ ገበሬ።

«አንተንስ ማን ሊበላህ ነው? ይኸው መኪናው ተሸክሞህ የለ!»

ተሳፋሪው ሁሉ ሳቀ። እሳቸው ግን ጆሯቸውን ወደ ካርቶኑ አስጠግተው ነበር። ቅጭ ቅጭ የሚለውን ድምፅ ዋሂዳም ሰማችው።

«ደስ ብሏት ነው መሰል፣ ታኝካለች።»

«ደስ ሲላትማ ቆሎ እንደሚቆረጥም ሰው ለስለስ አድርጋ ነው። ጀርባዋን አጉብጣ፣ ዓይኗን ጨፍና እንዲህ ስታፋጭ ግን አሟታል፣ ልጄ።»

«ይህን ከማን ተማሩ?»

«ከባለቤቴ። የጥንቸል ነገር አዋቂዋ እሷ ነበረች። በኋላ ራሷ ወደ ግድግዳ ዞራ ጥርሷን ስታፋጭ፣ እኔ ለጎረቤት ‹ደህና ናት፣ ዝም ማለት ልማዷ ነው› እያልኩ ሦስት ወር ከረምኩ። ከእሷ የቀረችኝ ይህች ብቻ ናት።»

አዲስ ቅዳምን እንዳለፉ ቅጭ ቅጩ ቆመ።

«አልሐምዱሊላህ፣ ተሻላት!» አለች ዋሂዳ።

ሽማግሌው እጃቸውን ካርቶኑ ውስጥ ከተው ብዙ ቆዩ። ከዚያም ጋቢውን የካርቶኑ አፍ ላይ አለበሱት።

«ሹፌር፣ እዚህ አውርደኝ።»

«ቆሰበር ገና ነው እኮ፣ አባባ!»

«የእንስሳት ሐኪም ዘንድ ነበር የምሄደው።»