ማነው የዘጋው?

በሳሙና ፋብሪካው ውስጥ እናቷ ባወጡላት ስም የሚጠራት ሰው የለም። «እትዬ ማነው» ነው የሚሏት። ስሙን ያወጡላት የቦይለር ክፍል ወንዶች ናቸው፤ በፊት በፊት ከኋላዋ ሆነው ያሾፉባት ነበር፣ በኋላ ለመዱትና ፊት ለፊት ይሏት ጀመር። የፈረቃ ርክክብ ደብተሩ ላይ «ቫልቩ ተዘግቷል» የሚል መስመር ካየች ደብተሩን በብብቷ ይዛ ትመጣና «ማነው የዘጋው?» ትላለች። ሰውዬው «እኔ ነኛ» ካላት፣ «በስንት ሰዓት? የትኛውን?» ትለዋለች። መልሱን ሳይጽፍ ንቅንቅ የለም፣ ሰርቪሱ ጥሎት ቢሄድም። አንድ ሰው ካስነጠሰ እንኳ ከወዲያ ማዶ «ማነው ያስነጠሰው? በስንት ሰዓት?» የሚል አይጠፋም።

አመሉ ከሜዳ አልመጣም። ሥራ በጀመረች በሦስተኛው ዓመት፣ «ማደባለቂያው ተስተካክሏል» የሚል መስመር አንብቦ ሊያጸዳ እጁን የከተተ ሰው አራት ጣቶቹን ማሽኑ ውስጥ ትቶ ወጣ። የጻፈው ሰው አልዋሸም። የተስተካከለው ቀበቶው ነበር፤ ማጥፊያው እንደተበላሸ ነው። እሱ በልቡ ቀበቶውን ይዞ ጻፈ፣ ያኛው በልቡ ማጥፊያውን ይዞ አነበበ። ወለሉን ያጠበችው እሷ ናት። ከዚያ ወዲህ ሃያ ዓመት ሙሉ ደብተሩን በጥርጣሬ ነው የምታነበው።

አዲስ ሰው ሲቀጠር አጠገቧ ታስቀምጠውና የሚሳሳትበትን ቀድማ ትነግረዋለች። «እንደ ትናንቱ» ብሎ መጻፍ የለም፤ ትናንት ያልነበረ ሰው ምን ሊሆን ነው? «ትንሽ ይንጠባጠባል» አይባልም፤ ቆሞ በደቂቃ ስንት ጠብታ እንደሆነ ይቆጠራል። ሁለት ቧንቧ በአንድ መስመር አይታጨቅም። ተጽፎ ሲያልቅ ደግሞ እዚያ ላልነበረ ሰው ጮክ ተብሎ ይነበብለታል፤ ሰውዬው ግራ ከተጋባ ጥፋቱ የጸሐፊው ነው፣ እንደገና ይጻፋል። ከሁሉም በላይ የምትፈራውን መጨረሻ ላይ ትናገራለች፤ ያልሠራኸውን አትጻፍ።

ይህን የምትለው በፋብሪካው ልማድ የተነሳ ነው። ፈረቃ የሚለወጠው ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው። ተላላኪዋ ግን ደብተሩን ለሥራ አስኪያጁ ፊርማ የምትወስደው ስምንት ተኩል ላይ ነው፤ የምትመልሰው ተረካቢዎቹ ሲገቡ። ስለዚህ የመጨረሻው ግማሽ ሰዓት ሥራ ሳይሠራ ይጻፋል። ሁሉም ይጽፋል፣ ጽፎም ሮጦ ይሠራዋል። ብዙውን ጊዜ።

የዚያን ቀን ቦይለሩ ለጥገና ከጠዋት ጀምሮ ቆሞ ነበር፤ ዘጠኝ ተኩል ላይ ሊነሳ ነው። ሦስተኛው ማፍያ ታንክ ደግሞ ለእጥበት ተራው ደርሷል። ታንኩ ሁለት ሰው ቁመት አለው፤ አጣቢው ከላይ ባለው ክብ አፍ በመሰላል ወርዶ ታች የደረቀውን ዝቃጭ ይልጣል። ከቦይለሩ የሚመጣው የእንፋሎት ቧንቧ አፉ እዚያው፣ እግሩ ሥር ነው። ቫልቩን መዝጋትና «አትክፈት» የሚለውን ቀይ ካርድ ማንጠልጠል የእሷ ሥራ ነበር፤ አጣቢ ቫልቭ አይነካም። አጣቢው የታናሽ እህቷ ባል ነው።

ስምንት ተኩል ላይ ካርዱን ከመሳቢያ አውጥታ ኪሷ ከተተችና ወደ ታንኩ ልትሄድ ስትነሳ ተላላኪዋ በር ላይ ቆማለች። ሥራ አስኪያጁ ሊወጣ መኪና ውስጥ ነው፣ አሁኑኑ ካልሆነ ነገ ነው አለቻት። ሃምሳ እርምጃ ነው የቀራት። ብዕሩን አንስታ «የ3ኛ ታንክ የእንፋሎት ቫልቭ ተዘግቷል» ብላ ጽፋ ሰጠቻት። ገና ደብተሩ ከበሩ ሳይወጣ ከማሸጊያ ክፍል ጩኸት ተሰማ። ቱቦ ፈንድቶ ፈሳሽ ሳሙና ወለሉ ላይ ተንጣሏል፣ አንዲት ሴት አዳልጧት ወድቃለች። እሷን ሲያነሱ፣ መጋዝ ሲበትኑ፣ ቱቦውን ሲያስሩ ዘጠኝ ሆነ። እጇን ታጥባ ወጣች።

ቤቷ በእግር ሃያ ደቂቃ ነው። መንገድ ላይ ሽንኩርት ገዛች፣ ከጎረቤት ጋር ቆማ አወራች። በሯ ላይ ደርሳ ቁልፍ ልታወጣ እጇን ኪሷ ስትከት ጣቷ የነካው ሌላ ነገር ነው። አወጣችው። ቀይ ካርዱ ከነሽቦው።

ሽንኩርቱን ደጃፉ ላይ ጣለችው። እየሄደች ወደ ቦይለር ክፍል ደወለች። ይጠራል፣ የሚያነሳው የለም። እንደገና ደወለች። ስልኩ የማይሰማው ቦይለሩ ሲያጓራ ብቻ መሆኑን ታውቃለች። አጣቢው ጋ መደወል አይቻልም፤ የሠራተኛ ስልክ በር ላይ ነው የሚቀረው። መሮጥ ጀመረች፤ በሃምሳ ዓመቷ፣ በፕላስቲክ ጫማ። መታጠፊያው ላይ ስትደርስ ጭስ ማውጫውን አየችው። ጠዋት ባዶ የነበረው ጫፉ ላይ ነጭ ጭስ ቀጥ ብሎ ቆሟል።

ዘበኛው ምን ረሳሽ አላት፤ አልፋው ሮጠች። መሰላሉ ታንኩ ላይ ተደግፏል። ክዳኑ ተከፍቷል። አካባቢው ላይ ሰው የለም። ከታንኩ አፍ እንፋሎት ቀስ እያለ ይወጣል። ቫልቩን በሁለት እጇ ይዛ አዞረችው፤ መዳፏ ተቃጠለ፣ አልለቀቀችም። ከዚያ የእህቷን ባል ስም ጠራች። ድምፅዋ ባዶው ብረት ውስጥ ዞሮ ወደ ራሷ ተመለሰ።

«እትዬ» አለ ከኋላዋ።

የእህቷ ባል ከምሰሶው ጀርባ ባልዲ ገልብጦ ተቀምጧል። ደብተሩ ጉልበቱ ላይ ነው። ልብሱ ደረቅ ነው።

«ማነው የዘጋው?» አላት። ለቀልድ አልነበረም።

«ማንም» አለች።

የፈረቃው ኃላፊ ከዘጠኝ ሰዓት ጀምሮ ግባ እያለ ሲጨቀጭቀው እንደነበር፣ ጽሑፉ የእሷ ቢሆንም አጻጻፉ የእሷ ስላልመሰለው፣ ስምም ሰዓትም ስለሌለው አልገባም እንዳለ ነገራት። ኃላፊው ሊደውልላት ስልክ ፍለጋ እንደሄደ አልተመለሰም።

«እንኳን አነበብከው» አለችው።

ደብተሩን ዘጋው፣ መልሶ ከፈተው።

«እውነቱን ልንገርዎት? አላነብም። የእርስዎን እጅ ጽሑፍ ካየሁ እገባለሁ። እንዲህ ስሠራ ስንት ዓመቴ ነው። ዛሬ የመብራቴ ባትሪ ሞቶ ሌላ እስኪያመጡልኝ ስጠብቅ ነው፣ ሥራ ፈትቼ ያነበብኩት።»

ባትሪው መጥቶ ነበር። መብራቱ ባልዲው አጠገብ በርቶ ተቀምጧል።

ካርዱን ቫልቩ ላይ በሽቦው አሰረችና ደብተሩን ተቀበለችው። የጻፈችውን አልሰረዘችም፤ ከሥሩ ጨመረች። «ከላይ ያለውን ሳልሠራ የጻፍኩት እኔ ነኝ። ቫልቩን የዘጋሁት አሁን፣ አሥር ሰዓት ከሃያ ነው። ካርዱን አንጠልጥያለሁ።» ስሟን ጻፈች፤ እናቷ ያወጡላትን።

«ጮክ ብለህ አንብበው» አለችው።

አነበበላት። ከዚያ ደብተሩን አስቀምጦ ሄደና ቀይ ካርዱን ገለጥ አድርጎ ቫልቩን በራሱ እጅ ሞከረው። እንደገና ሞከረው። ወደ መሰላሉ ግን አልሄደም፤ ባልዲው ላይ ተመልሶ ተቀመጠ። እሷም አልገፋፋችውም። ወደ ክፍሏ ተመለሰች፤ የቆዩት ደብተሮች በግድግዳው መደርደሪያ ላይ እስከ ጣሪያ ተደርድረዋል። የመጀመሪያውን አወረደች፣ ገለጠች፣ በራሷ እጅ የተጻፉትን መስመሮች አንድ በአንድ በጣቷ እየተከተለች የትኛው ስምንት ተኩል ላይ እንደተጻፈ ለማስታወስ ሞከረች።