ሳቅ የሚጠብቅ እጅ

አያቴ ድምፅ የሌላቸውን ፊልሞች የማሳያውን እጀታ በእጁ እያዞረ የሚያሳይ ሰው ነበር። ሰፈሩ «እጀታ» ይለዋል። ጆሮው ከባድ ስለነበር ተመልካቹ መሳቁን የሚያውቀው በማሳያው ክፍል ጠባብ መስኮት የሰዉን ትከሻ አይቶ ነው። ትከሻው ሲንቀጠቀጥ እጁን ያዘገያል፤ ሲረጋ ያፈጥናል። «ሰው ስቆ ሳይጨርስ ሌላ ቀልድ ማምጣት አፉ የሞላን ሰው እንደ ማናገር ነው» ይል ነበር።

የሲኒማ ቤቱ ባለቤት በሞተር የሚሠራ አዲስ ማሳያ ሲያስመጣ ነገሩን አልሸፋፈነም።

«ስማኝ እጀታ፣ ቅዳሜ እንሞክረዋለን። ሰው ከሳቀ አንተ ወደ በር ትወርዳለህ። ካልሳቀ ሞተሩን እመልሰዋለሁ።»

«በር ላይ ቆሜ ምን ላዞር?»

«የበሩን እጀታ!» አለና በራሱ ቀልድ ተንከተከተ።

የቅዳሜ ከሰዓቱ ፊልም፣ የኤሌክትሪክ ጫማ መጥረጊያ የገዛ ሰውዬ የሚያየውን ፍዳ የሚያሳይ ነበር። መሣሪያው መጀመሪያ ጫማውን፣ ቀጥሎ ሱሪውን ይዞበት ይሄዳል። ሞተሩ ግን ማንንም አይጠብቅም፤ ሰው ለጫማው ሊስቅ ሲል ሱሪው አልፏል። አያቴ በመስኮቱ ቢያይ ትከሻ ሁሉ ደርቋል። ደስ አለው፤ ደስ በማለቱም አፈረ።

በዚህ መሀል ሞተሩን ከማሳያው ጋር የሚያያይዘው ቺንጋ ተበጠሰ። መብራቱን አጥፍቶ፣ ወርዶ «ተበላሸ» ማለት ይችል ነበር። እጁ ቀደመው። ለክፉ ቀን የተተወችውን እጀታ ይዞ፣ እንደ ልማዱ እያየ፣ እየጠበቀ አዞረ። ትኬት ቆራጯ ሴት አያቴ የተመልካቹን ሳቅ ከግድግዳው ወዲያ ሰማችው። ይህንንም ያወራችልኝ እሷው ናት።

ፊልሙ ሲያልቅ ባለቤቱ እንባውን እየጠረገ ደረጃውን ወጣ።

«ሞተር ማለት እንዲህ ነው!»

አያቴ የተበጠሰውን ቺንጋ አነሳና ሰጠው። «ከመጀመሪያው የፊልም ጥቅል በኋላ በእጄ ነው ያዞርኩት» አለ።

ባለቤቱ ቺንጋውን አገላብጦ አየ። ከዚያ አያቴን አየ።

«አሁን በጥሰኸው ነው» አለው።

ሰኞ አያቴ በሩ ላይ ቆመ፤ እስኪሞት ድረስም ከዚያ አልተነሳም።

ያን ቅዳሜ ቤት ሲገቡ ሴት አያቴ ንዴቷን መያዝ አቅቷት ነበር።

«አንተ ሰውዬ፣ ለአንድ ቀን እጅህን አጣጥፈህ ብትቀመጥ ምናለበት?»

«ያን ሁሉ ሰው ጨለማ ውስጥ ትቼ?» አላት።