አባባ ስቦክስ ያዩኝ ቀን

«አንተ ሰውዬ፣ ገላግላቸው እንጂ! ምን ቆመህ ታያለህ?»

ዛሬ ወልድያ ላይ፣ በሁለተኛው ዙር ተጋጣሚዬ አፍንጫዬን በቡጢ ስትለኝ፣ ከተመልካቹ መሃል ብድግ ብለው ዳኛውን የተቆጡት አባቴ ናቸው።

አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። እኔም ሳቅ አመለጠኝ። በሳቄ መሃል ሌላ ቡጢ ጨመረችልኝ።

አባባ እዚሁ ወልድያ ዙሪያ፣ የጉባ ላፍቶ ገበሬ ናቸው። ቦክስ መተዳደሪያዬ ከሆነ ወዲህ «ሴት ልጅ በድብድብ እንጀራ ትበላለች?» ብለው ተቀይመውኝ ነበር። ጎረቤት ስለ እኔ ሲጠይቃቸው «አዲስ አበባ ቢሮ ገብታለች» ይላሉ አሉ። (የቢሮው ወንበር እንዴት እንደሚያደማ እኔ ነኝ የማውቀው።)

በአገሬ ስጋጠም የዛሬው የመጀመሪያዬ ስለሆነ ደውዬ ጠራኋቸው። «እንጃ» ብቻ ብለው ዘጉት። ዛሬ ጋቢያቸውን ለብሰው ፊት ለፊት ተቀምጠው አየኋቸው።

በነጥብ አሸነፍኩ። ከሪንግ ወርጄ ጉልበታቸውን ስስም ቀና አድርገው ፊቴን አዩኝ።

«አመመሽ?»

«ኧረ አላመመኝም አባባ።»

«ያቺስ ልጅ? ምሳ ሳትበላ እንዳትሄድ፣ ጥሪያት።»

ተጋጣሚዬ የጎረቤታችን የመርሳ ከተማ ልጅ ናት። ምግብ ቤት ገብተን ሦስታችን አንድ ትሪ ከበብን፤ አባባ የመጀመሪያውን ጉርሻ ለእሷ ሰጡ። አስተናጋጁ ያበጠ ፊታችንን አይቶ «አባቴ፣ ልጆቹ ምን ሆነው ነው?» ቢላቸው፣ ቀና ብለው «ቦክሰኞች ናቸው፤ ይቺኛዋ የእኔ ናት» አሉት።

የእናንተስ ቤተሰብ ሥራችሁን በዓይኑ ያየ ዕለት ምን አለ? እስኪ አጫውቱኝ።