ዳቦ ከተማ አልከፈት ስትል

የአሥር ዓመት ልጅ ሆኜ የቤታችንን ቁልፍ በክር አንገቴ ላይ አንጠልጥዬ ነበር ትምህርት ቤት የምሄደው። እናቴ ነርስ ነበረች፤ ፈረቃዋ አንዱን ሳምንት ጠዋት፣ አንዱን ከሰዓት፣ አንዱን አዳር ይሆናል። አሰላ የመጣነው ከደሴ በእሷ ዝውውር ስለሆነ ጎራ የምልበት የአክስት ወይም የአጎት ቤት አልነበረኝም። የሰፈሩ ልጆች ሱዚ ሲዘሉ የሚቆጥሩት በኦሮምኛ ነው። እኔ ከ"ቶኮ፣ ላማ" አላልፍም፤ ስለዚህ ሁልጊዜ ላስቲክ ያዥ ነበርኩ። ማንም ክፉ አልሆነብኝም፤ ብቻ ማንም በስሜ አይጠራኝም ነበር። ትንሽ ቆይቼ ላስቲኩን ለሌላ ልጅ አቀብልና ወደ ቤት እሄዳለሁ። በሩን ስከፍት የሚቀበለኝ የቀዘቀዘ ሲሚንቶና ጠዋት የተጠበሰ ሽንኩርት ሽታ ነበር። ክረምት ላይ ከጭላሎ ተራራ የወረደው ጉም መስኮቱን ሲያለብሰው ደግሞ ከቤታችን ውጭ ምንም የሌለ ይመስለኝ ነበር።

አባቴ የግብርና ባለሙያ ነው። አንድ ላይ እንኖር በነበረ ጊዜ ከአንድ መሥሪያ ቤት በጨረታ የወጣ አሮጌ ኮምፒውተር ይዞ መጣ። ከተማ የሚገነቡበት ጨዋታም ጫነበት። መንገድ ይቀየሳል፣ የውኃ መስመር ይዘረጋል፣ ቤት ይሠራል፤ ሰዎች ከየት እንደመጡ ሳይታወቅ ይገቡበታል። መብራት ካጠረባቸው ደግሞ ጓዛቸውን ጠቅልለው ይሄዳሉ። አባቴ "የከተማዋን ስም አንቺ አውጪላት" ሲለኝ ርቦኝ ስለነበር "ዳቦ" አልኩት። እስኪያስለው ድረስ ሳቀ፤ ግን አልቀየረውም። ዳቦ ከተማ ተብላ ቀረች።

ከዚያ አባቴ ጎበሳ የምትባል የገጠር ከተማ ተመደበ። መጀመሪያ በየሳምንቱ ይመጣ ነበር፤ በኋላ በየአሥራ አምስት ቀኑ፤ በኋላ ወር እያለፈው። እሱና እናቴ በስልክ ሲያወሩ ንግግራቸው እያጠረ መጣ። "ደህና ነን።" "እሺ።" "ልጅቷም ደህና ናት።" በመካከላቸው ምን እንደገባ ዛሬም በቅጡ አላውቀውም።

ዳቦ ከተማን ግን አልተውናትም። ጨዋታውን በመሥሪያ ቤቱ ላፕቶፕ ላይ ጫነና ተራ ገባን፤ አንዱን ሳምንት እሱ ይገነባል፣ በሚቀጥለው እኔ። የከተማዋን ፋይል በፍላሽ አድርጎ፣ ፍላሹን በፌስታል ጠቅልሎ፣ የጎበሳው አውቶብስ ሹፌር ለነበሩት ለጋሽ ቃሲም ይሰጣቸዋል። ቅዳሜ መናኸሪያ እሄዳለሁ። ጋሽ ቃሲም ከሸሚዛቸው ኪስ አውጥተው "ሚሚ፣ ያባትሽን ደብዳቤ እንቺ" ይሉኛል። ፍላሽ መሆኑን ብነግራቸውም ደብዳቤ ከማለት አልተመለሱም።

አልተሳሳቱምም። አባቴ በአፉ ብዙ የሚናገር ሰው አልነበረም። ጨዋታው ላይ ግን ጽሑፍ የሚጻፍበት ሰሌዳ መትከል ይቻላል፤ በአፉ የማይለውን እዚያ ላይ በእንግሊዝኛ ፊደል በአማርኛ ይጽፍልኝ ነበር። ትምህርት ቤቱ ደጃፍ ላይ "የሒሳብ ፈተናው እንዴት ነበር?" ብሎ ተክሎ አገኛለሁ፤ እኔም አጠገቡ "ከሃያ አሥራ ስምንት" ብዬ እተክላለሁ። ደሴ ያለችው እናቱ ያረፈች ጊዜም የሰማሁት ከመናፈሻው ውስጥ ነው። "አያትሽ አረፈች። ብዙ አታልቅሺ" ይላል ሰሌዳው።

አንድ ቅዳሜ ከፍላሹ ጋር ቁራጭ ወረቀት መጣ። "አዳማ ለሥልጠና ሄጄ የጨዋታውን አዲስ አፕዴት ከአንድ ባልደረባ አገኘሁ። ባቡር ጨምረውበታል። ማዘጋጃ ቤቱ ፊት ለፊት ያለውን ሰሌዳ አንብቢና ነገ ስደውል መልስሽን ንገሪኝ" ይላል። እየሮጥኩ ቤት ገብቼ ፍላሹን ሰካሁ። ዳቦ ከተማ አልተከፈተችም። ጥቁሩ ስክሪን ላይ ሦስት መስመር እንግሊዝኛ ወጣ። ዘጋሁ፣ ከፈትኩ፤ ኮምፒውተሩን አጥፍቼ አበራሁ፤ ፍላሹን ነቅዬ በቀሚሴ ጠርጌ መልሼ ሰካሁ። ያው ሦስት መስመር ነው። አንድም ቃሉ አልገባኝም፤ ፊደሎቹን አንድ በአንድ ደብተሬ ጀርባ ላይ ገለበጥኳቸው።

እሑድ ከሰዓት በእናቴ ስልክ ደወለ።

"ሰሌዳውን አየሽው?"

አላየሁትም ማለት እችል ነበር። ግን ከዚያ በፊት አንድ ጊዜ ፍላሹ በቫይረስ ተበላሽቶ ሲመጣ "ካስቸገረሽ እንተወዋለን ሚሚ፣ ግድ የለም" ብሎኝ ነበር። "እንተወዋለን" ያለውን ስንት ቀን ሳስበው ከረምኩ። ስለዚህ "አዎ፣ አየሁት" አልኩ።

 ከበስተኋላው የሆነ ሰው የሚጎትተው በግ ሲጮህ ይሰማኛል።

"እና ምን ትያለሽ?"

ስለ ባቡሩ ነው ብዬ ገመትኩ። ጣቢያው የት ይሁን ብሎኝ ይሆናል። "እሺ" አልኩት።

"እሺ? አስበሽበት ነው?"

"አዎ አባዬ። እሺ።"

"ጎበዝ" አለ። ድምፁ ቀጠነብኝ። "ጎበዝ ልጅ። በይ እናትሽን አቅርቢልኝ።"

እናቴ ስልኩን ይዛ ወደ ጓሮ ወጣች። ስትመለስ በሩ ላይ ቆማ ለረዥም ጊዜ አየችኝና "ትልቅ ሰው ሆነሻል ለካ" አለች። ምን ማለቷ እንደሆነ አልጠየቅኳትም፤ ውሸቴ የሚወጣብኝ መሰለኝ።

በማግስቱ ከትምህርት ቤት ስወጣ መናኸሪያው አጠገብ ማመልከቻ የሚጽፉና ፎቶ ኮፒ የሚያነሱት አዴ ዘይነባ ጋ ሄድኩ። ሰፈሩ ሁሉ በኦሮምኛ "አዴ" ይላቸዋል፣ እትዬ እንደማለት ነው። ሱቃቸው የቀለምና የሞቀ ወረቀት ሽታ አለው። ሁለት ገበሬዎችን ሸኝተው ወደ እኔ ዞሩ።

"ማል ታቴ? ምን ሆነሽ ነው ፊትሽ እንዲህ?"

"ከተማዬ አልከፈት አለችኝ" አልኩና ደብተሬን ዘረጋሁላቸው።

መነጽራቸውን አድርገው አነበቡት። "አባትሽ የሱን አድሶታል፤ ያንቺ አሮጌው ነው። በአዲሱ የተሠራውን አሮጌው አያነበውም፣ ነው የሚልሽ። ያንቺም አፕዴት ይደረግ።"

"ከተማዋ ጠፍታለች?"

"የትም አልሄደችም። ኮቱ፣ ነይ ተቀመጪ።"

አፕዴቱን ከኢንተርኔት ማውረድ ጀመሩልኝ። የዚያን ጊዜ ኢንተርኔት የኛ ዘመን ልጆች ያውቁታል፤ ቁጥሩ ከሦስት ወደ አራት ሲሄድ የቤት ሥራዬን ጨርሼ ነበር። ማክሰኞ ከመቶ ስልሳ ላይ ሲደርስ መብራት ጠፍቶ ከመጀመሪያው ጀመረ። ሐሙስ ኔትወርኩ ራሱ ሄደ። ዓርብ በመጨረሻ አለቀ፤ ቤት ወስጄ ስከፍተው ፋይሉ ጎዶሎ ነው አለኝ። "እንደገና እናወርደዋለን፣ ኢንሻአላህ ሰኞ" አሉ አዴ ዘይነባ።

ቅዳሜ ፍላሽ አልመጣም፤ አባቴ ራሱ መጣ። ትልቁን ሻንጣውንና የዝናብ ካፖርቱን ይዟል፤ የመሥሪያ ቤቱን ላፕቶፕ ግን አስረክቦ ነው የመጣው። እናቴ ሽሮውን እያማሰለች "ሰኞ ይሄዳል እንግዲህ" አለች፤ እኔ የማውቀው ነገር መስሏት። ጋምቤላ ነው፣ አንድ ፕሮጀክት ላይ ተቀጥሯል፣ ሦስት ዓመት ነው። እሺ ያልኩት ለዚህ እንደነበር ያን ጊዜ ገባኝ። ሰሌዳው ላይ እሄዳለሁ ብሎ የነገረኝ መሰለኝ። ነግሮኛል፣ እሺ ብያለሁ፤ አሁን ባለቅስ አላነበብኩትም ማለት ነው። ስለዚህ አላለቀስኩም።

ከቅዳሜ ጠዋት ጀምሮ መብራት አልነበረም። አባቴ እየተመላለሰ ኮምፒውተሩ ፊት ይቀመጣል፤ የጨለመውን ስክሪን በእጅጌው ይጠርገዋል። "ከተማችንን አብረን እናያታለን ብዬ ነበር" አለኝ። "ባቡሩ ሲዞር ደስ ይላል።"

"ይመጣል መብራቱ" አልኩት። በልቤ ግን እንዳይመጣ እየለመንኩ ነበር። ከመጣ ጨዋታው አሮጌው መሆኑን ያያል፤ ሰሌዳውን እንዳላነበብኩ ያውቃል። ሁለት ቀን ሙሉ አባቴ አጠገቤ ተቀምጦ እኔ አምፖል አምፖሉን አያለሁ። አልመጣም። ደስ አለኝ፤ በሕይወቴ እንደዚያ የሚቆጨኝ ደስታ የለም።

ሰኞ ጠዋት መናኸሪያ ሸኘነው። ጉንጬን ሳመኝ፤ ጢሙ ወጋኝ፤ ካፖርቱ የእርጥብ ጎማ ሽታ ነበረው። የሆነ ነገር ሊናገር አፉን ከፈተና ረዳቱ "ሞላ! እንሂድ!" ሲል ገባ።

አዲሱ ፋይል ረቡዕ ደረሰ። አዴ ዘይነባ "መጀመሪያ የከተማሽን ፋይል ሌላ ቦታ ኮፒ አድርጊ፣ ከዚያ በፊት ምንም እንዳትነኪ" ብለው አስማሉኝ። እንዳሉኝ አደረግኩ። አፕዴቱ ቦታ የለም አለኝ፤ የነበሩኝን የካርቱን ፊልሞች በሙሉ አጠፋሁ። ከዚያ ደግሞ ጨዋታው የለም አለኝ። እዚያው ፊቴ ተቀምጦ የለም ይለኛል! ሱቅና ቤት ሦስት ጊዜ ተመላለስኩ። እሑድ ከሰዓት አዴ ዘይነባ ሱቃቸውን ዘግተው፣ ሻርፓቸውን ከዝናቡ ተከናንበው አብረውኝ መጡ። ወንበር ስበው ተቀመጡና አንድ በአንድ ይፈልጉ ጀመር። ለካስ አባቴ ጨዋታውን የጫነው ጨዋታዎች በሚጫኑበት ቦታ አልነበረም፤ በስሜ የተሰየመ ፎልደር ከፍቶ እዚያ ውስጥ አስቀምጦታል። አፕዴቱ ፎልደሩን ሲያሳዩት አረንጓዴው መስመር መሄድ ጀመረ።

ዳቦ ከተማ ተከፈተች። ባቡሩ በገብሱ እርሻ መሃል ይዞራል። ሰዎቹ አሉ፤ መብራቱ በርቷል። ወደ ማዘጋጃ ቤቱ ሄድኩ።

"ሚሚ፣ ጋምቤላ ሥራ አገኘሁ። ሦስት ዓመት ነው። አትሂድ ካልሽኝ እቀራለሁ።"

አዴ ዘይነባ በትከሻዬ ላይ አዘንብለው አብረውኝ አነበቡት።

"አባትሽ አሁን የት ነው?"

"ጋምቤላ" አልኳቸው። "ከሄደ ስድስት ቀኑ።"

 ጭንቅላቴን ሳብ አድርገው ጭናቸው ላይ አስተኙኝ፤ እናቴ ከሥራ እስክትመለስም አልተነሡም።

ሲሄዱ ተነሣሁና ከአባቴ ሰሌዳ አጠገብ የራሴን ተከልኩ። "አትሂድ" ብዬ ጻፍኩ። ፋይሉን ፍላሽ ላይ ገለበጥኩና ፌስታል ጠቀለልኩበት። የምሰጠው ሰው ግን አልነበረም። ጋሽ ቃሲም የሚነዱት ጎበሳ ድረስ ነው።

አባቴ ከሁለት ሳምንት በኋላ ደወለ። ኔትወርኩ እየተቆራረጠ ስለ ሙቀቱና ስለ ወንዙ ነገረኝ፤ እዚያ የተሰጠው ኮምፒውተር ጨዋታ እንደማይችልም ነገረኝ። እኔም ስለ ሰሌዳው አልነገርኩትም። ሦስቱ ዓመት አምስት ሆነ፣ ከዚያም ሌላ አገር ሌላ ሥራ ተከተለ። እሱና እናቴ ተጣልተው አልተለያዩም፤ መራራቁን ለመዱት እንጂ። እኔ ከትምህርት ቤት ስመለስ አዴ ዘይነባ ሱቅ መዋል ጀመርኩ። ኦሮምኛ የለመድኩት እዚያ የሰዎችን ማመልከቻ ሲጽፉ እያዳመጥኩ ነው።

አባቴ አሁን ጡረታ ወጥቶ አሰላ ተመልሷል። ከእናቴ ቤት ሁለት ቅያስ አልፎ ክፍል ተከራይቶ ይኖራል፤ እናቴ ምግብ ትልክለታለች። እኔ አዳማ ነው የምሠራው። ባለፈው ዓመት ልጠይቀው ሄጄ ባሕር ዛፎቹ ሥር ቀስ እያልን ስንሄድ ጉልበቱን ሊያሳርፍ ቆመ። እዚያው እንደቆምን ነገርኩት፤ በስልክ እሺ ስለው ሰሌዳውን እንዳላነበብኩት፣ መብራት የጠፋ ጊዜ ደስ እንዳለኝ፣ ሁሉንም።

ከዘራውን ፊቱ ተክሎ ተደገፈበት። ከዚያ "እሱን ነው እስካሁን ተሸክመሽ የኖርሽው?" አለኝ። "እኔ እኮ አንቺን ከመጠየቄ በፊት ፈርሜ ነበር። ተቀይመሽኝ እንዳትቀሪ ብዬ ነው የጠየቅኩሽ።"

ይህን ሲለኝ ግን ፊቴን አላየም። መሬቱን በከዘራው እየጫረ ነበር። እውነቱን ይሁን፣ ወይስ አባት ስለሆነ ከትከሻዬ ሊያወርድልኝ ብሎ፣ አላወቅሁም። መልሼም አልጠየቅኩትም። ክንዱን ያዝኩትና መንገዳችንን ቀጠልን።

ዛሬ ስልኬ ውስጥ ያለው ነገር ሁሉ ሳልነካው ራሱን በራሱ ያድሳል። የአባቴም ድምፅ ሳይቆራረጥ፣ አጠገቤ እንዳለ ይሰማኛል። በቀን ሁለት ጊዜ እንደዋወላለን። ስለ ዝናቡ፣ ስለ ጉልበቱ፣ እናቴ ስለላከችለት ወጥ እናወራለን። ከዚያ የምናወራው ያልቅብናል። ዝም እንላለን፤ ግን ማናችንም ቶሎ ስልኩን አንዘጋም።