እሱ አይደለም

የተያዝኩት ሰው ስከተል ነው። አፈሳ በበዛበት ሰሞን ቃሊቲ መናኸሪያ ቆሜ አንድ ፊት አየሁ። ጎልማሳ፣ ጉንጩ የገባ፣ ከቁጣ ሳይሆን ከድካም ዝም ያለ። ለአባት የሚሆን ሰው ስፈልግ ሳምንት አልፎኝ ነበር። ሥራዬ የፊልም ካስቲንግ ነው፤ ዳይሬክተሩ በሐሳቡ ያለውን ሰው ከመንገድ ፈልጌ አቀርባለሁ። ፊት ሳገኝ ወዲያው አላናግርም፣ አካሄዱን ለማየት ትንሽ እከተላለሁ። ሚኒባስ ሲገባ ገባሁ፣ ኮዬ ፈጬ ሲወርድ ወረድኩ፣ በስልኬም ሁለቴ ፎቶ አነሳሁት። ሰውዬው ሲቪል የለበሰ የጸጥታ ሰው ነበር።

ጣቢያ ስልኬን ሲከፍቱ የማያውቁት መቶ ምናምን ፊት አገኙ። ከያንዳንዱ ሥር እኔው የጻፍኩት አለ። «ዘበኛ»፣ «ከሃዲ»፣ «ሟች»። መርማሪው ሟች ያልኩት ሰውዬ በሕይወት አለ ወይ ብሎ ጠየቀኝ። አለ፣ ጎሚስታ ነው አልኩት። አልሳቀም። ፊልም ነው ስለው የት ታየ አለኝ። ገና አልተሠራም።

የሴቶቹ ክፍል በር ሲከፈት በረኪናና ያልደረቀ ልብስ ሸተተኝ። ከእኔ ጋር አሥራ ስምንት ሆንን። ከጣሪያው ሥር አንዲት መስኮት አለች፣ ከውጭ የከባድ መኪና ፍሬን ይሰማባታል። የክፍሉ ካቦ፣ እስረኞቹን የምታዝ ወፍራም ነጋዴ ናት፣ ከአንዲት ትልቅ ሴት አጠገብ ቦታ ሰጠችኝ።

እማማ እላቸው ነበር። ኮዬ እርሻ ሳለ ተወልደው ያደጉ ናቸው። ልጃቸውን ከቤት ወሰዱት፤ ቤቱ ሲፈተሽ ስልኩም ፎቶውም አብሮ ሄደ። ከጣቢያ ጣቢያ እየዞሩ ሲጠይቁ ከረሙና ልጄን ካላሳያችሁኝ ከዚህ አልሄድም ብለው እዚህ በር ላይ ተቀመጡ። አስገቧቸው። ልጃቸው ግን እዚህ አልነበረም።

አንድ ቀን ጠዋት፣ ወደኔ ሳያዩ፣ «ፊቱ እየጠፋብኝ ነው» አሉ።

ወደሳቸው ዞርኩ።

«ድምፁ አለ። ፊቱን ልየው ስል የአባቱ ይመጣብኛል።»

ማጽናናት አልችልበትም። ምን ይመስላል ብዬ ጠየቅኳቸው። ቆንጆ ነው አሉኝ። የማን እናት ናት ልጄ አስቀያሚ ነው የምትለው? በእንዲህ ያለ መልስ ሰው አይገኝም። ኋላ ሥራዬ ላይ ሁሌ የሚያናድደኝ ነገር ትዝ አለኝ። ዳይሬክተር የሚፈልገውን አያውቅም። የማይፈልገውን ግን ሲያይ ያውቃል። ስለዚህ እኛ መጀመሪያ የማይሆነውን ሰው አውቀን እናቀርብለታለን፤ እምቢ ሲል አፉ ይፈታል።

«እማማ፣ ሰው ላሳይዎት። እሱ ካልሆነ አይደለም ይበሉኝ» አልኳቸው።

መጀመሪያ ቀጭኗን ተማሪ ፊታቸው አስቀመጥኩ። ሌሎቹ ጺም ይቀራታል ብለው ሳቁብን። ካቦዋ፣ ይቺ ልጅ እዚህም ሥራ ጀመረች አለች። እማማ ግን አልሳቁም። ትክ ብለው አይተው «እሱ አይደለም። የሱ ግንባር ሰፊ ነው» አሉ።

ካቦዋን ጎትቼ አመጣኋት። አይደለም፣ የሱ ጉንጭ እዚህ ጋ ይጎድላል ብለው የራሳቸውን ጉንጭ ነኩ። ሦስተኛዋ ቂሊንጦ ልብስ ስፌት የምትሠራ ልጅ ነበረች። «ቅንድቧስ ይቀርባል። የሱ ግን ግራው ላይ ጠባሳ አለው፤ ከጋሪ ወድቆ…» አሉና እጃቸው አየር ላይ ቀረ። ጠባሳውን ረስተውት ኖሯል።

ከዚያ በኋላ የሳቀ የለም። ሴቶቹ ሳልጠራቸው ተሰለፉ፣ ካቦዋ ተራ አስያዘች። ከገባች ጀምሮ ቃል ያልተነፈሰችው እንኳ መጥታ ተቀመጠች። እሱ አይደለም። እሱ አይደለም። በእያንዳንዷ «አይደለም» ፊቱ ትንሽ ትንሽ ይመጣል።

መጨረሻ ላይ እኔ ተቀመጥኩ። አገጬን በመዳፋቸው ያዙ።

«አንቺማ ጭራሽ» አሉ።

ሳቄ አመለጠኝ። አገጬን አልለቀቁም።

«ሲስቅ ዓይኑ ይጠፋል» አሉ ቀስ ብለው። ዓይናቸውን ጨፈኑ። «መጣ። በቃ፣ መጣልኝ።»

ነጠላቸውን አስተካከሉ፣ በጫፉ ፊታቸውን ጠረጉ። ከዚያ ፍራሹ ላይ ወደ ግድግዳው ጠጋ ብለው አጠገባቸው አንድ ሰው የሚያስቀምጥ ቦታ ለቀቁ። ለስንዝር ቦታ የምንጣላ ሰዎች ነን። የዚያን ቀን እዚያ ቦታ ላይ ማንም አልተቀመጠም። ካቦዋ እንኳ የምታልፈው እግሯን አንስታ ነው።

እኔ ከሳምንታት በኋላ ተፈታሁ። ስልኬን ፊቶቹን አጥፍተው መለሱልኝ። እማማን ፍለጋ ኮዬ ሄጄ ነበር፤ በሩ ተቆልፏል፣ ጎረቤት አላውቅም አለኝ። ልጁ ተገኝቶ እንደሆነ እስከ ዛሬ አልሰማሁም።

አሁንም የምሠራው ያንኑ ነው። ስንት ፊት አይቻለሁ፣ ስንቱን አቅርቤያለሁ። የሚናፍቀኝ ግን አይቼው የማላውቀው ነው። ሰፊ ግንባር፣ የጎደለ ጉንጭ፣ ጠባሳ ያለው ግራ ቅንድብ፣ ሲስቅ የሚጠፋ ዓይን፤ በቃሌ እዘረዝረዋለሁ። መዘርዘር ማየት አይደለም። አሥራ ስምንት ሆነን ስንፈልገው ዋልን፣ ያዩት እሳቸው ብቻ ናቸው።