የአክስት ፔና በር

ካሊና ድራጎዬቫ ሌባን የምታየው እንደ ነጋዴ ነበር። "ሌባ የሚያዋጣውን ያሰላል፤ የእኛ ሥራ ሂሳቡን ማበላሸት ነው" ትል ነበር። ዋና ከተማችን ሶፊያ ውስጥ ለዓመታት አንድ ቢሮ ተጋርተናል። ወንጀልን ከሚያጠኑ ኢኮኖሚስቶች ከእሷ የተሻለ አላየሁም፤ ከእሷ የባሰ ግትርም አላጋጠመኝም። ፖሊስ የሚመደበው ስርቆት በበዛበት ቦታ ብቻ ይሁን የሚለው ሐሳቧ ደንብ ሆኖ ሲጸድቅ ሁላችንንም ራኪያ የሚባለውን የፍራፍሬ አረቄ ጋበዘችን።

ታዲያ በዚያው ደንብ ፖሊስ ከሚነሳባቸው መንደሮች አንዱ የገዛ መንደሯ ሆኖ አረፈው። ዳኑብ ወንዝ ዳር ያለ፣ ወጣቱ ጥሎት የሄደ መንደር ነው። ቀድሞ ሌቦች ምድጃ ሳይቀር ነቅለው ይወስዱበት ነበር፤ አሁን ግን ስርቆት የሚባል ነገር ጠፍቷል። ካሊና ምክንያቱን ሳታውቅ ፖሊሱ እንዲነሳ መፈረም አልፈለገችም። ያሳደጓት አክስቷ ፔና እዚያ ብቻቸውን ይኖራሉ። በኅዳር አብረን ሄድን።

ስንደርስ ሊመሽ ነው። መንገዱ ላይ ሰው የለም። የመጀመሪያው ቤት በር ላይ እንደ አገራችን ልማድ የሐዘን ወረቀት ተለጥፏል፦ ፎቶ፣ ስም፣ የሞቱበት ቀን። የሚቀጥለው በር ላይም አለ። ከዚያ የሚቀጥለውም ላይ። ወረቀቶቹ ሁሉ አዲስ ናቸው፤ ዝናብ እንኳ አልነካቸውም። ከጣሪያዎቹ ላይ ግን ጭስ ይወጣል።

ካሊና አንድ በር ፊት ቀጥ ብላ ቆመች። ወረቀቱ "ፔና ድራጎዬቫ" ይላል፤ ፎቶው ላይ አክስቷ ፈገግ ብለዋል። እጇን ወደ ፎቶው ዘረጋች። በዚህ መሃል መጋረጃው ተነቃነቀ። በሩም ሲጥጥ ብሎ ተከፈተ።

"ምን ይገትርሻል? ግቢ እንጂ! ቤቱን በብርድ ሞላሽው" አሉ ሟቿ።

ካሊና አልቅሳ ስታበቃ ተቆጣች። "አክስቴ፣ ይሄ ምን የሚሉት ቀልድ ነው?"

"የምን ቀልድ! ሌባ እኛን ሊደበድብ ይችላል፣ ሙትን ግን አይደፍርም። እስከ አርባ ቀን ነፍስ ቤቷን እንደምትዞር እናቱ ነግራዋለች። አርባው ሲሞላ ወረቀቱን እንቀይራለን።" ሳቁ። "እኔማ ስንቴ ሞቼ ስንቴ ተነሳሁ!"

"ፖሊሱስ ታዲያ ምን ይሠራል?"

"ሜቶዲ? ጠዋት ጠዋት እየዞረ በር ያንኳኳል። አለዚያማ ማን የእውነቱን እንደሞተ በምን ይታወቃል? እሱን እንዳትወስጂብን፣ የኔ ልጅ።"

ስንመለስ መኪና ውስጥ ነገሩን አወጣሁ አወረድኩ። እውነቱን ብትጽፍ ሌቦቹ ይሰማሉ፤ ባትጽፍ መንደሩ ስርቆት የለበትምና ፖሊሱ ይነሳል።

"ለአክስትሽ ስትይ አንዴ ደንቡን ብትጥሺ ምን አለበት?" አልኳት በመጨረሻ።

"ለአክስቴ ከጣስኩት ነገ የሁሉም አክስት ትመጣለች።"

ተናደድኩ፤ ዛሬም ሳስበው እናደዳለሁ። አክስቷን ሶፊያ አብረን እንኑር ብላ ለመነች፣ እምቢ አሏት። ፈረመች። ሜቶዲ ተነሳ።

ጥር ላይ በረዶ መንገዱን ዘጋ፣ ስልኩም ተቋረጠ። መንገዱ እንደተከፈተ ስንሄድ አክስት ፔና ማድ ቤት ወለል ላይ ዳሌያቸው ተሰብሮ ሞተው አገኘናቸው። ወድቀው ወዲያው እንዳልሞቱ ሐኪሙ ነገረን። ጎረቤቶቹ ሁሉ ሽማግሌዎች ናቸው፤ በዚያ በረዶ ማንም ከቤቱ አልወጣም።

ከቀብር ስንመለስ መንገድ ዳር ያለ መጠጥ ቤት ገባን። አንድ ለአካባቢው አዲስ የሆነ ዳቦ አከፋፋይ ሰው ሰብስቦ ያወራል። በረዶው መንገዱን ሊዘጋ ሲል እዚያ መንደር ደርሶ ነበር።

"ከሞተች ሴትዮ ቤት ድምፅ ሰማሁ ስላችሁ! በሩ ላይ ወረቀቱን አነበብኩ፣ አማተብኩ፣ መኪናዬን አስነስቼ በረርኩ።"

ሰዎቹ ሳቁበት። ካሊና ተነስታ ጠጋችው።

"ሴትዮዋ ምን ነበር የምትለው?"

"'አልሞትኩም' ነው የምትለው" አለ ሰውየው እንደገና እያማተበ። "እስቲ አንቺው ፍረጂ፣ ሞቻለሁ የሚል መንፈስ የት አለ?"